ጀሶ ያጸዳው ድምፅ

ጀሶ ይሉታል። መዝገብ ላይ የሰፈረውን ስሙን ከደሞዝ ከፋዩና ከሚስቱ በቀር የሚያስታውሰው የለም። ሃያ ስድስት ዓመት ሙሉ ሰው ሠራሽ ጥርስ ሲሠራ ኖሯል። ሐኪሞች የበሽተኛውን የድድ ልክ ይልኩለታል፤ እሱ ጀሶ በጥብጦ ያፈስበታል፣ ሲደርቅ ይሞርደዋል፣ በሰም ላይ ጥርስ ይደረድራል። ቤቱ ሲገባ ቅንድቡ ላይ ነጭ ብናኝ አይጠፋም። ኩራቱ የሥራው ጥራት ነው። «እኔ በሠራሁት ጥርስ ላይ ምላስ የሚቧጭር ነገር ያገኘ ሰው ካለ ይምጣና ያሳየኝ» ይላል፣ ማንም ሳይጠይቀው። እውነት ለመናገር ማንም መጥቶ አያውቅም።

ከጥርስ ቀጥሎ የሚወደው ሙዚቃ ነው። መጫወት አይችልም፤ በወጣትነቱ ጊታር ሞክሮ ጣቶቹ እንቢ ሲሉት ተወው። የሚችለው ሌላው የተጫወተውን ማቀናበር ነው። ቤታቸው ውስጥ ድሮ የዕቃ ማስቀመጫ የነበረች አንዲት ጠባብ ክፍል አለች፤ እዚያ ኮምፒውተር፣ ሁለት ድምፅ ማጉያና አንድ ጥሩ የጆሮ ማዳመጫ አስገብቶ ቅዳሜና እሑድ ይከተትባታል። ሚስቱ መጋረጃ ሰፊ ናት። ድምፅ እንዳያስተጋባበት ብላ ከደንበኞቿ የተረፈውን ወፍራም ጨርቅ ሁሉ እየደራረበች ሰፍታ ግድግዳውን አልብሳለታለች። አንዱ ግድግዳ ቀይ ከፋይ ነው፣ ሌላው አረንጓዴ ባለ አበባ፣ ጣሪያው ደግሞ ከአንድ ሆቴል የተረፈ ቡናማ። «ሬሳ ሣጥን ውስጥ የተቀመጥክ ነው የምትመስለው» እያለች ትስቅበታለች። እሱም «ዝምታው ግን እንዴት ያለ ነው!» ይላታል።

እውነተኛው ሙዚቀኛ የሚስቱ ታላቅ ወንድም ነው። ሰው ሁሉ በድምፁ ጎርናናው ብሎ ይጠራዋል። የዛሬ ሠላሳ ዓመት ከአራት ጓደኞቹ ጋር የሮክ ባንድ መሥርቶ ነበር፤ ባንዱ ብዙ ዘፈን ዘፍኖ የተሳካለት አንዱ ብቻ ነው። ያ አንዱ ግን ጎርናናውን እስከ ዛሬ ያበላዋል። «ደረጃው» ይባላል። ባንኮኒ ላይ የተደገፈ ሰካራም ሳይቀር «ከተማ ሆይ፣ በር አትዝጊብኝ» የምትለዋን ስንኝ ከልቡ ያውቃታል። ካሴቱ ጀርባ ላይ «ግጥምና ዜማ» ከሚለው ቀጥሎ የተጻፈው የጎርናናው ስም ነው።

የጀሶ ሚስት ደግሞ ዘፈኑ የኔ ነው ትላለች።

ያኔ አሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ነበር። ከባንዱ ጋር ልምምድ ትውላለች፣ አጃቢ ሆና ትዘፍናለች። ግጥሙንም ዜማውንም እኔ አውጥቼ ለወንድሜ ሰጠሁት፣ እሱም ስሜን ሳያነሣ የራሱ አደረገው ነው የምትለው። የባንዱ ጓደኞች ለወንድሟ ወግነው አልመሰከሩላትም፤ በቤተ ዘመዱም ዘንድ ይህን የሚያምን አንድ ሰው አልተገኘም። «ቅናት ነው» ይላሉ። እናታቸው የሞተች ጊዜ፣ ጎርናናው አስከሬኑ ፊት ቆሞ «ደረጃው»ን ሲዘፍን አላስቻላትምና ለቀስተኛው ሁሉ እየሰማ «እሱስ የኔ ነው! እኔ ነኝ ለእሷ የሠራሁት!» ብላ ጮኸች። አክስቶቿ ጎትተው አስቀመጧት። ከዚያ ቀን ጀምሮ እነሆ ሰባት ዓመት ወንድሟ አያናግራትም፤ ዘመዶቿም የጎሪጥ ነው የሚያይዋት። ሠርግ ሲኖር የመጥሪያ ወረቀቱ የሚመጣው በጀሶ ስም ነው።

ጀሶስ ያምናት ነበር? እሱ ከተጋቡ ጀምሮ ለአንዱም ሳይወግን ሃያ ሁለት ዓመት አልፎታል። ነገሩን ስታነሣ «ተይው እባክሽ፣ ያለፈ ነገር ነው» ይላታል። ዝርዝሩን አንድ ቀን እንኳ ጠይቋት አያውቅም። ይህን የሚያህል ነገር ከሚስቱ ጋር እየተኛ የማይጠይቅ ሰው ምን ዓይነት ሰው እንደሆነ እናንተው ፍረዱት፤ እኔ ግን ሰነፍ ነው ባይ ነኝ።

ዘንድሮ ዘፈኑ ሠላሳ ዓመት ሞላው። አንድ ሬዲዮ ጣቢያ ይህን ምክንያት አድርጎ ውድድር አወጣ። ዘፈን ስንሰማ የምንሰማው ተቀላቅሎ ያለቀውን ነው፤ ሲቀዳ ግን ድራሙ ለብቻ፣ ቤዙ ለብቻ፣ ጊታሩ ለብቻ፣ የዘፋኙም ድምፅ ለብቻው ነው የሚቀዳው። ጣቢያው እነዚህን የ«ደረጃው» ነጠላ ትራኮች ከአሮጌው ቴፕ አስገልብጦ ለፈለገ ሁሉ ለቀቃቸው። ማንም ሰው ቤቱ ቁጭ ብሎ እንደ አዲስ ያቀናብራቸው፤ ዳኛው ጎርናናው ራሱ ነው፤ ያሸነፈው ቅንብር በሠላሳኛ ዓመቱ ኮንሰርት ላይ መክፈቻ ሆኖ ይሰማል። ለቤት ውስጥ አቀናባሪ ይህ ማለት ዕድሜ ልኩን ምግብ ቤት ሲበላ የኖረን ሰው ድንገት ወጥ ቤቱን ከፍቶ ግባ እንደማለት ነው። ጀሶ ልቡ ሊቆም ደረሰ።

«ጋሼ ነው የሚዳኘው?» አለች ሚስቱ፣ መርፌዋን ጨርቁ ላይ ሰክታ።

«እሱ ነው። ቅር ካለሽ እተወዋለሁ።»

«ምን ቅር ይለኛል? እጅህ ጎበዝ ነው፣ ሞክር» አለችው። ፊቷን ግን ወደ መስኮቱ አዞረች። የሆነ ነገር ልትጠይቀው ፈልጋ እንደፈራች ያኔ ቢያስተውል ኖሮ ይህን ታሪክ የምተርክበት ምክንያት ባልኖረ።

በሳምንቱ እሑድ ከሰዓት በኋላ ጀሶ ማዳመጫውን ጆሮው ላይ ደፍቶ ትራኮቹን አንድ በአንድ ከፈታቸው። ድራሙ ደኅና ነው። ቤዙ ትንሽ ያጉረመርማል። የጎርናናውን ድምፅ ለብቻው ሲከፍተው ግን ቆሻሻ አዳኙ ጆሮው ቀጥ አለ። ዘፋኙ አንዱን መስመር ጨርሶ ትንፋሽ በሚወስድባቸው ክፍተቶች ውስጥ፣ ከበስተኋላ፣ ጠርሙስ ውስጥ እንደገባች ትንኝ ያለ ቀጭን ነገር ይሰማል። ድምፁን ከፍ አደረገው። ሰው ነው። ሴት ናት። ከዘፋኙ በጥቂቱ እየቀደመች ያንኑ ዜማ ትላለች። ሁለተኛው አንጓ ከመጀመሩ በፊት «እማዬ ሆይ» የሚል ቃል ጥርት ብሎ ገባው። ጀሶ «ጉድ ነው፣ አሮጌ ቴፕ ስንቱን ይዞ ይኖራል» አለ። ቴፑ ላይ ድሮ የነበረና በደንብ ያልጠፋ ሌላ ቅጂ መሰለው።

ቀጥሎም ድድ ላይ የተረፈ ጀሶ እንደሚያነሣ ሰው ሥራውን ጀመረ። አራት ሰዓት ፈጀበት። ክፍተቶቹን አንድ በአንድ እየለየ ዝም አሰኛቸው፤ ቃል ሥር የተደበቀችውንም በማጽጃ ፕሮግራሙ እያሳደደ አወጣት። ሲጨርስ የጎርናናው ድምፅ ባዶ አዳራሽ ውስጥ ለብቻው የቆመ ሆነ። ጀሶ እጁን አፋተገና ያጸዳውን በዋናው ፋይል ላይ ደርቦ አስቀመጠው። ለዋናው ቅጂ አላስቀረለትም። «ቆሻሻ ምን ያደርግልኛል?» ነበር ሐሳቡ። ሰኞ ቅንብሩን ጨረሰ፣ ማክሰኞ ላከው፣ ረቡዕ ጣቢያው ውድድሩን ዘግቶ ትራኮቹን ከገጹ ላይ አነሣ።

ዐርብ ከሁለት መቶ ከምናምን ሰው መካከል የተመረጠው ጀሶ ነው ተባለ። ሥራ ቦታ ሰም የሚያቀልጠው ሽማግሌ የሥራ ባልደረባው ሳይቀር አቀፈው። ሬዲዮው «እንከን የማይወጣለት ጥራት» ብሎ አሞገሰው። ደረቱ ተነፍቶ ቤቱ ገባ።

ቅዳሜ ጠዋት ሚስቱ መጋረጃ በተሸፈነችው ክፍል በር ላይ መጥታ ቆመች። ወደዚያች ክፍል እምብዛም አትገባም።

«የጋሼን ድምፅ ለብቻው ልታሰማኝ ትችላለህ?» አለችው። «ድራምም፣ ጊታርም፣ ምንም ሳይኖርበት።»

«እንዴታ! ምነው?»

ወንበሩ ጫፍ ላይ ተቀመጠች። እጆቿን ጉልበቷ መሃል ከታቸው።

«ሁለት ሳምንት ሙሉ ልጠይቅህ ስል ስፈራ ነው የከረምኩት። ስቱዲዮ የገባን ቀን መጀመሪያ የዘፈንኩት እኔ ነኝ። ልጆቹ እኔን እየሰሙ እንዲጫወቱ። ከዚያ ጋሼ ሊዘፍን ገባ። ዜማውን ገና አልያዘውም ነበርኮ! ስለዚህ የኔን ድምፅ ጆሮው ላይ ከፈቱለትና እሱን እየተከተለ ዘፈነ። ቀጂው 'ማዳመጫህ ይጮሃል፣ ማይኩ ውስጥ እየገባ ነው' እያለ ሁለት ጊዜ አስቆመው። በኋላ ሰለቸውና 'ተወው፣ ሲቀላቀል አይሰማም' አለ። አየህ፣ ያ ነገር እውነት ከሆነ፣ ከጋሼ ድምፅ ኋላ እኔ አለሁ ማለት ነው።»

ጀሶ ፊቱን ወደ ኮምፒውተሩ አዞረ።

«ደግሞ የኔ ግጥም 'ከተማ ሆይ' አይልም» አለች። «እማዬ ከባንድ ጋር መዋሌን ጠልታ በር የዘጋችብኝ ቀን ደረጃው ላይ ተቀምጬ ነው የጻፍኩት። 'እማዬ ሆይ፣ በር አትዝጊብኝ' ነው የሚለው። ጋሼ ነው ከተማ ያደረጋት። እዚያ ውስጥ 'እማዬ' የምትል ካለች ግን እኔ ውሸታም አይደለሁም። ሌላ ምንም አልፈልግም። ስሜ ካሴት ላይ ይጻፍልኝ አልልም። አንዴ ለአክስቶቼ ባሰማቸው ይበቃኛል።»

ይህን ሁሉ ስትናገር ጀሶ ዓይኑን ከኮምፒውተሩ አላነሣም። ያቺ ትንኝ ጆሮው ውስጥ ነበረች። «እማዬ ሆይ» ስትል ሰምቷታል፤ በገዛ ጆሮው። ሚስቱ ሠላሳ ዓመት የተሟገተችለትን እውነት ከቤተ ዘመዱ ሁሉ ከወንድሟ ቀጥሎ የሚያውቀው እሱ ብቻ ነበር፤ አራት ሰዓት ለፍቶ ያጠፋውም እሱ ነው። አንዲት ቃል ይበቃ ነበር። «ነበርሽ፣ ሰምቼሻለሁ፣ በስንፍናዬ አጠፋሁሽ» ቢላት ታለቅስ ነበር፣ ትሰድበው ነበር፣ ምናልባትም ሳምንት ሙሉ አታናግረውም ነበር። ግን ታውቀው ነበር።

ጀሶ ግን ኮንሰርቱ ታየው። ስሙ ሲጠራ፣ አዳራሹ ሲያጨበጭብ። ዕድሜ ልኩን ለሌላ ሰው አፍ ሲሠራ የኖረ ሰው ነው፤ አንድ ቀን እንኳ ሰው ሳያየው ኖሮ አሁን ሊታይ ነው። ማዳመጫውን አንሥቶ ሚስቱ ጆሮ ላይ አደረገላትና የጸዳውን ትራክ ከፈተላት።

አራት ደቂቃ ከሃያ ሰከንድ ሰማች። ዓይኖቿን ጨፍና ነበር። ወንድሟ አንድ መስመር ብሎ ትንፋሽ በወሰደ ቁጥር አንገቷን ወደ ፊት ታሰግጋለች፣ የሚያንሾካሹክን ሰው እንደምትሰማ። ምንም የለም። ሁለተኛው አንጓ ሲደርስ ከንፈሯ ሳታውቀው «እማዬ» አለ። ጆሮዋ ውስጥ ግን ጎርናናው «ከተማ ሆይ» ነው የሚለው። ሲያልቅ «እንደገና» አለች። እንደገና ከፈተላት። በሦስተኛው ማዳመጫውን ራሷ አወለቀችው።

«ነክተኸው ነበር እንዴ?» አለችው። «ያወጣኸው ነገር አለ?»

«ምንም አልነካሁትም። እንደመጣ ነው።»

«እርግጠኛ ነህ?»

«ምን ነካሽ? ሥራዬ አይደል እንዴ?» አላት፣ እንዲያውም ቆጣ ብሎ። የሚዋሽ ሰው መቆጣት ይቀለዋል።

ራሷን ነቀነቀች። ተነሥታ ስትወጣ በሩን በቀስታ ዘጋችው።

ሰኞ ጀሶ ሥራ ቦታው ሞረዱን ይዞ ቁጭ አለ። እሱ በሚሠራበት ቤት አንድ ሕግ አለ፤ ከሐኪም የመጣውን ልክ ተከትሎ መጀመሪያ የፈሰሰው ጀሶ አይሞረድም፣ አይቧጨርም። ሌላ ይገለበጥና በቅጂው ላይ ይሠራል፤ ዋናው ግን፣ ጥርሱ ታካሚው አፍ ገብቶ እስኪስማማ ድረስ፣ መደርደሪያ ላይ ይቀመጣል። ይህን ሕግ ለአዲስ ሠራተኛ ሁሉ የሚያስተምረው ራሱ ጀሶ ነው፤ አንዱን ወጣት ዋናውን ሞርደሃል ብሎ እስከ ማስባረር ደርሷል። ያን ዕለት መደርደሪያው ላይ ተሰልፈው ሲያያቸው ሞረዱን አስቀመጠው። በምሳ ሰዓት ስልኩን አወጣ። ተወዳዳሪዎቹ የሚጨዋወቱበት ገጽ አለ፤ ሁለት መቶ ሰው ጋ ያ ያልታጠበ ትራክ እስካሁን ቁጭ ብሏል። «የዘፋኙን ድምፅ ጥሬውን ያስቀረ ሰው ይኖር ይሆን?» ብሎ ጻፈ። ሊልከው ሲል ደግሞ «አሸናፊው ጥሬውን ምን ሊያደርገው ፈለገ ብለው ቢጠይቁኝስ?» አለ በልቡ። ፊደል በፊደል አጠፋው። ማጥፋት መቼም ይችልበታል።

ቤት ውስጥ ኩርፊያ የለ፣ ጭቅጭቅ የለ። ሚስቱ ትሰፋለች፣ ምግብ ታቀርባለች፣ «እንዴት ዋልክ» ትላለች። አንድ ነገር ብቻ ጎደለ፤ ስትሰፋ ታንጎራጉር ነበር፣ ተወችው። ረቡዕ ምሳ ላይ ድንገት ቀና ብላ፣ «ሰው ያልሆነውን ነገር ሆኗል ብሎ ሊያስታውስ ይችላል?» አለችው።

ጀሶ ጎረሰ፣ አላመጠ፣ ዋጠ። «ይችላል አሉ። የሆነ ቦታ አንብቤያለሁ።»

«ደረጃው ላይ የተቀመጥኩት ቁልጭ ብሎ ይታየኛልኮ። የሲሚንቶው ቅዝቃዜ ሳይቀር።»

«ልጅ ነበርሽ» አላት። «ዘፈኑን አሥር ሺህ ጊዜ ሰምተሽዋል። ይደባለቃል።»

ይህን ሲል አዘነላት። አዎን፣ አዝኖላት ነበር፤ ሐዘኑ ግን ከአፉ የሚወጣውን አልለወጠውም።

የሚቀጥለው ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ሚስቱ ሳሎን ውስጥ ጉልበቷ ላይ ግራጫ መጋረጃ ዘርግታ ጠርዙን እየቀመቀመች፣ ስልኳን አጠገቧ ጠረጴዛው ላይ አስቀምጣ ደወለች። እጇ ሥራ ስለያዘ ድምፁን ለሁሉም እንዲሰማ አድርጋዋለች። ጀሶ ሶፋው ላይ ነበር። ማን ጋ እንደምትደውል የገባው ጎርናናው «ሃሎ» ሲል ነው።

«ጋሼ፣ እኔ ነኝ።»

«እታለም?» አለ ጎርናናው።

«ይቅርታ እንድታደርግልኝ ነው የደወልኩት» አለች። መርፌዋን አላቆመችም። «በእማዬ ቀብር ላይ በሰው ፊት አዋረድኩህ። ዘፈኑ ያንተ ነው። የሌለ ነገር ሳወራ ኖርኩ፤ ምን እንደነካኝ አላውቅም።»

«ምን ተገኘና?» ድምፁ ጠንቀቅ አለ።

«ያንተን ድምፅ ለብቻው ሰማሁት። ባለቤቴ አሰማኝ። እኔ ያለሁበት መስሎኝ ነበር። ከኋላህ ማንም የለም።»

«ማንም?»

«ማንም የለም ጋሼ። ሦስት ጊዜ ሰማሁት።»

ጎርናናው ረዥም ትንፋሽ ተነፈሰ። «ተይው በቃ፣ እህቴ» አለ፣ ያ ጎርናና ድምፁ ለስልሶ። «እኔ ቂም አልያዝኩብሽም። ልጅ ነበርሽ። ሰው በልጅነቱ ስንት ነገር ያልማል። ይቅር ብዬሻለሁ።»

ያኔ መርፌዋ ቆመ። በመጋረጃው ጠርዝ ዓይኗን ጠረገች። «ባልሽ አለ?» አለ ወንድሟ። «እስቲ አቅርቢልኝ፣ እንኳን ደስ አለህ ልበለው።»

ጀሶ ስልኩን አነሣ፣ ድምፁን ለብቻው እንዲሰማ አደረገና ወደ መስኮቱ ሄደ።

«ብቻህን ነህ?» አለው ጎርናናው።

«አዎ ጋሼ።»

«ሰማህ? ጣቢያው ያንን ቴፕ ሲለቅ ምን እንዳለበት አላየሁም ነበር። ሁለት መቶ ሰው ላከልኝ። ሁሉም ላይ አለች፤ አንዱ ላይ ከፍ ብላ፣ አንዱ ላይ ዝቅ ብላ። እንቅልፍ አጣሁ። ያንተን ከፈትኩት፣ የለችም። ምልክት እንኳ የለም! ለምን የመረጥኩህ መሰለህ?» ትንሽ ሳቀ። «እሷ አዝዛህ ልታጋልጠኝ የገባህ መስሎኝ ነበር፤ ለካ የኛው ሰው ነህ። ውለታህን አልረሳም።»

ጀሶ አፉን ከፈተ። ሚስቱ ከኋላው እያየችው ነበር።

«እግዜር ይስጥልኝ ጋሼ» አለ።

ስልኩን ሲመልስላት፣ «ምን አለህ?» አለችው።

«ሥራህ ጥሩ ነው፣ ጥራት አለው አለኝ።»

«አለውም» አለች ሚስቱ። ቅሬታ ያዘለ ፈገግታ ፈገግ አለች። «እንዲህ ያለውን ሰው ነው ሠላሳ ዓመት ሌባ ስለው የኖርኩት። ኮንሰርቱ ላይ አብሬህ እመጣለሁ። አክስቶቼም ይዩኝ፤ ፊት ለፊት ተቀምጬ አጨበጭብለታለሁ።»

ጀሶ አጠገቧ ተቀመጠ፣ ትከሻዋን አቀፋትና «ጥሩ ነው፣ አብረን እንሄዳለን» አላት።